ጌም ወደ ሌላ ሃርድ ዲስክ ለማዞር ብላችሁ እንደገና ዳውንሎድ አታድርጉ (መልሶቹ በቁጥር ገብተዋል)

ሰላም ለሁላችሁ። ሰሞኑን ደጋግሜ የማየው ነገር ስላለ ነው ይሄን የከፈትኩት። ሰው 240 ጊጋ ኤስኤስዲ (ፈጣኑ የዲስክ ዓይነት) ያለው ኮምፒውተር ይገዛል፣ ዊንዶውሱና ሁለት ሦስት ጌም ሲገቡበት ሲ ድራይቭ ቀይ ይሆናል፣ ከዛ እንደምንም ብሎ 1 ቴራ ሃርድ ዲስክ ያስጨምራል። እዚህ ድረስ ጥሩ። ችግሩ ከዛ በኋላ ነው፣ ጌሞቹን ከሲ ላይ አንኢንስቶል አድርጎ ዲ ላይ ከዜሮ ዳውንሎድ ማድረግ ይጀምራል። ለምን? በ10 ሜጋቢት መስመር 100 ጊጋ ጌም ለማውረድ ምንም ሳይቋረጥ 22 ሰዓት ገደማ ይፈጃል፣ ሳይቋረጥ የሚባለው ነገር እኛ ጋ እንዴት እንደሆነ ደግሞ ታውቁታላችሁ፣ ፓኬጅ እየገዛ ለሚጠቀም ሰው ብሩንም አስቡት። ያው 100 ጊጋ ከዲስክ ወደ ዲስክ በሰከንድ 100 ሜጋባይት ቢሄድ ግን 17 ደቂቃ ነው፣ አንድ ኪሎባይት ዳታ ሳይነካ።

እኔ የምለው ይሄን ነው፦ አንዴ ኮምፒውተራችሁ ላይ የገባ ጌም ድጋሚ በኢንተርኔት መምጣት የለበትም። ስቲም (ጌም የሚገዛበትና የሚወርድበት ፕሮግራም) ላይ ከሆናችሁ ሰቲንግ ውስጥ ስቶሬጅ የሚል አለ፣ እሱ ላይ መጀመሪያ አዲሱን ድራይቭ ትጨምራላችሁ፣ ከዛ ወደ ሲ ተመልሳችሁ የምትፈልጉትን ጌም ቲክ አድርጋችሁ ሙቭ የሚለውን መጫን ነው፣ ወዴት ይሂድ ብሎ ይጠይቃችኋል፣ አለቀ። ሌላው መንገድ ጌሙ ላይ ራይት ክሊክ፣ ፕሮፐርቲስ፣ ኢንስቶልድ ፋይልስ፣ እዛ ጋ ሙቭ ኢንስቶል ፎልደር ይላል።

ስቲም ያልሆኑትስ? እንደ ስቲም ያለው ሌላው የጌም መሸጫ፣ ኤፒክ ላይ ያላችሁ፣ ከጌም ቤት በኤክስተርናል አስጭናችሁ የመጣችሁ፣ እንዴት ነው ያዞራችሁት? ጻፉልኝ። መልሱ እየበዛ ስለሆነ አዲስ የሚመጣ ሰው ሁሉንም ከላይ እስከ ታች እንዳያገላብጥ በየቁጥሩ በራሴ አባባል እዚሁ አስገባዋለሁ፣ የማልስማማበት ላይም እናገራለሁ።

1. የመጀመሪያው መልስ ከሐዋሳ ነው፣ አመስግኖ ጂቲኤ 5ን በዚሁ መንገድ እንዳዞረና ምንም እንዳልጎደለበት ነግሮናል። አንድ ነገር ጨምሯል፣ አዲሱን ድራይቭ ስቶሬጅ ላይ ሳይጨምሩ ሙቭ ፍለጋ የሚገቡ ሰዎች የሚሄዱበት ቦታ ስለማይመጣላቸው አይሠራም ብለው ይተዉታል ይላል። ልክ ነው፣ አብዛኛው ሰው የሚቆመው እዛ ጋ ነው።

2. አንዲት ልጅ ይሄ ሁሉ ለምን አስፈለገ፣ ፎልደሩን ከት አድርጎ ዲ ላይ ፔስት ማድረግ አይቻልም ወይ ብላ ጠየቀች። ጥያቄው ተገቢ ነው፣ ሁሉም ሰው መጀመሪያ የሚያስበው እሱን ነው።

3. ይሄኛው ቆጣ ብሎ ነው የመጣው። በፍጹም ከት እንዳታደርጊ አላት። ዩፒኤስ (መብራት ሲሄድ የሚይዝ ባትሪ) የሌለው ዴስክቶፕ ላይ አንድ ትልቅ ጌም ከት አድርጎ እያዞረ መብራት ሄደበት፣ ሲመለስ ግማሹ ፋይል ሲ ላይ ግማሹ ዲ ላይ ሆኖ ቁጭ ብሏል፣ ስቲም ደግሞ ጌሙን አላውቀውም አለው፣ በንዴት ሁለቱንም አጥፍቶ ከዜሮ አወረደው። ዊንዶውስ ከአንድ ድራይቭ ወደ ሌላ ከት ስታደርጉ እያንዳንዱን ፋይል ኮፒ እያደረገ የድሮውን ስለሚያጠፋ መሃል ላይ ከተቋረጠ በሁለት ቦታ ተከፋፍሎ ነው የሚቀረው። ኮፒ ቢያደርግ ኖሮ ሲ ላይ ያለው ሙሉው እንዳለ ይጠብቀው ነበር። ንዴቱ ይገባኛል፣ ምክሩም ትክክል ነው።

4. ይሄን መልስ ዝም ብላችሁ አትለፉት። ከባህር ዳር ነው፣ ሥራው ኮምፒውተር ጥገና ይመስለኛል። 3ኛውን በትህትና አርሞታል፣ ያ ሁሉ ፋይል መጥፋት አልነበረበትም አለው። የተከፋፈለውን አንድ ላይ መልሶ ቬሪፋይ (ፋይሎቹን ፈትሽ) ቢለው ስቲም የጎደለውን ብቻ ነበር የሚያወርደው። ከዛ በእጅ የማዞሩን ነገር እንዲህ አስቀመጠው፦ ስቲም ያለበት ፎልደር ውስጥ ስቲምአፕስ የሚባል አለ፣ እሱ ውስጥ ኮመን፣ ኮመን ውስጥ ነው ጌሞቹ ያሉት። ሰው ኮመንን ብቻ አይቶ ይመለሳል። ግን ከኮመን ጎን፣ እዛው ስቲምአፕስ ውስጥ፣ አፕማኒፌስት ብለው የሚጀምሩ ከኋላቸው ቁጥር ያላቸው ጥቃቅን ፋይሎች አሉ፣ ለእያንዳንዱ ጌም አንድ አንድ። ቁጥሩ የጌሙ መታወቂያ ነው፣ የቀድሞው ጂቲኤ 5 271590 ነው፣ ዶታ 2 ደግሞ 570። ያንን ፋይል በኖትፓድ ብትከፍቱት ጌሙ ያለበት ቦታ ተብሎ የተጻፈው የፎልደሩ ስም ብቻ ነው፣ ጌሙ ሲ ላይ ነው ወይም ዲ ላይ ነው አይልም፣ ለዛ ነው የትኛውም ድራይቭ ላይ ቢወስዱት የሚሠራው። ስለዚህ ስቲምን ሙሉ በሙሉ መዝጋት፣ የጌሙን ፎልደር አዲሱ ድራይቭ ላይ ያለው ኮመን ውስጥ፣ ያቺን ትንሽ ፋይል አዲሱ ስቲምአፕስ ውስጥ ኮፒ ማድረግ፣ የድሮዋን ከድሮው ቦታ ማውጣት፣ ስቲምን መክፈት። ጌሙ ዲ ላይ ኢንስቶል እንደሆነ ያሳያችኋል።

ትንሿ ፋይል ከጠፋችስ? ፎልደሩን በትክክለኛ ስሙ ኮመን ውስጥ አስቀምጦ ኢንስቶል መጫን ነው ይላል፣ ያንኑ ድራይቭ ስትመርጡለት ስቲም መጀመሪያ ያለውን ፋይል ይፈትሻል፣ ዳውንሎድ የሚያደርገው የጎደለ ካለ ነው። እኔም ፎርማት ከተደረገ በኋላ ዲ ላይ የቀሩ ጌሞችን የምመልሰው በዚህ ነው።

5. ሠራ፣ አመሰግናለሁ። ይሄን ብቻ ነው የጻፈው።

6. ኤፒክ። ከመቀሌ የጻፈ ልጅ ነው፣ እዛ ጋ ያለውን የቆየ ዘዴ ደረጃ በደረጃ አስረድቶናል። የጌሙን ፎልደር መጀመሪያ ሌላ ቦታ ኮፒ ታደርጋላችሁ፣ ከዛ ከላውንቸሩ (ጌሞቹን ከሚከፍተው የኤፒክ ፕሮግራም) አንኢንስቶል፣ ከዛ ኢንስቶል ብላችሁ አዲሱን ድራይቭ ትመርጣላችሁ፣ ጥቂት ፐርሰንት እንደሄደ ፖዝ አድርጋችሁ ላውንቸሩን ትዘጋላችሁ፣ ኮፒ ያደረጋችሁትን በአዲሱ ፎልደር ላይ ትደርቡታላችሁ፣ ስትመለሱ ሪዝዩም ስትሉት ፋይሎቹን አንድ በአንድ ፈትሾ አለ ብሎ ያልፋቸዋል። ኮፒ ሳታደርጉ አንኢንስቶል ብትጫኑ ግን ጌሙ ሄደ፣ ቅደም ተከተሉን እንዳትስቱ ብሎ ሦስት ቦታ ላይ ጽፎታል፣ እኔም አራተኛ ልድገመው።

7. 6ኛውን ያረመ ነው። ለሁለት ኮፒ የሚሆን ቦታ የሌለው ሰው ምን ያድርግ ብሎ፣ ኮፒውን በቀጥታ አዲሱ ድራይቭ ላይ በሌላ ስም አስቀምጡት፣ ኢንስቶሉ ጥቂት ሄዶ አዲስ ፎልደር ሲፈጥር ከኮፒያችሁ ውስጥ ያለውን ወደዛ ከት አድርጉት፣ በአንድ ድራይቭ ውስጥ ስለሆነ ከቱ ወዲያው ያልቃል ይላል። እውነት ነው፣ በአንድ ድራይቭ ውስጥ ከት ስታደርጉ ፋይሉ ከቦታው አይነቃነቅም፣ አድራሻው ብቻ ነው የሚለወጠው። ላውንቸሩን በኤክስ መዝጋት አይበቃም የሚለውንም ጨምሯል፣ ከታች ሰዓቱ አጠገብ ካለችው ምልክቱ ላይ ኤግዚት ማለት አለባችሁ።

8. ከጌም ቤት በኤክስተርናል ጭኖ የመጣ ልጅ ነው። ላውንቸር የለውም፣ ሙቭ የሚባል ነገርም የለውም። ፎልደሩን ወደ ዲ ኮፒ አደረገ፣ ዴስክቶፕ ላይ ያለችው ሾርትከት አልከፍትም አለች። ሾርትከቷ የምታሳየው የድሮውን ቦታ ስለሆነ ነው፣ አዲሱ ፎልደር ውስጥ ገብቶ ከራሱ ከጌሙ ፋይል ላይ አዲስ ሾርትከት መሥራት ነው። አንዳንድ የድሮ ጌም ግን እሱም አይበቃውም፣ ኢንስቶል ሲደረግ ሪጂስትሪ (የዊንዶውስ መዝገብ) ውስጥ እኔ ሲ ላይ ነኝ ብሎ አስጽፏል፣ ያ መስተካከል አለበት። ሌላ ኮምፒውተር ላይ ወስዶት እምቢ ያለው ደግሞ ብዙ ጊዜ ጌሞች የሚፈልጓቸው ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስና ዳይሬክትኤክስ የሚባሉት ስላልተጫኑ ነው፣ ጌሙ አልተበላሸም።

ልጁ በመሃል ጣል ያደረጋት ነገር ግን አስደንግጣኛለች፣ የጫነለት ሰው አንቲቫይረሱን አጥፍተህ ነው የምትከፍተው ብሎታል። እባካችሁ ወንድሞቼ፣ የፎቶአችሁና የትምህርት ፋይላችሁ ያለበት ኮምፒውተር ላይ ይሄን አታድርጉ።

9 እና 10. እዚህ ጋ ክሩ (ውይይቱ) ተጋጋለ። 9ኛው ክራክ (ሳይከፈልበት ቁልፉ የተሰበረ ጌም) የሚጠቀም ሰው እዚህ መጠየቅ የለበትም፣ ሠርተው የሚያድሩ ሰዎችን መስረቅ ነው ብሎ 8ኛውን ልጅ ክፉኛ ተናገረው። 10ኛው ለልጁ ተደርቦ መጣ፣ አንተ የውጭ ካርድ ያለው ዘመድ ስላለህ ነው የምትፈርደው፣ እኛ ብሩን ይዘን እንኳ የምንከፍልበት መንገድ አጥተን ነው አለ። ከዚህም የባሰ ነገር ተባብለዋል፣ እሱን እዚህ አልጽፈውም። የኔን ለመናገር፣ 9ኛው ስለ ጌም ሠሪዎቹ ያለው ልክ ነው፣ ልጁን የተናገረበት መንገድ ግን ልክ አይደለም፣ ጠያቂውን ማሳፈር ጥያቄውን አይመልስለትም።

11. ሁለቱንም ያበረዷቸው አንድ አባት ናቸው፣ ከአሜሪካ ሲልቨር ስፕሪንግ ነው የጻፉት፣ ልጆች ተረጋጉ ብለው ነው የጀመሩት። የወንድማቸው ልጅ አዲስ አበባ ነው፣ ለልደቱ ጌም ሲገዙለት ጎግ ከሚባለው የጌም መሸጫ ድረ ገጽ ይገዙለታል። ምክንያታቸው ከዚህ ክር ጋር በቀጥታ ይገናኛል፣ ጎግ ላይ የሚሸጡት ጌሞች ኮፒ እንዳይደረጉ የሚከለክል ቁልፍ የላቸውም፣ ሙሉ ኢንስቶለሩን አውርዶ ኤክስተርናል ላይ ማስቀመጥ ይቻላል፣ ከዛ በኋላ የፈለገው ድራይቭ ላይ ያለ ኢንተርኔት ይጭነዋል። እሳቸው እዛ በፈጣኑ መስመር ያወርዱታል፣ ሰው ሲመጣ በዲስክ ይልካሉ። ጋሼ እግዜር ይስጥልን፣ ከክሩ በጣም ከወደድኳቸው መልሶች አንዱ ነው።

12. ሴቭ! ሴቭ! ሴቭ! ብላ ነው የጀመረችው ይቺ እህታችን፣ እውነቷን ነው፣ መነሻው ላይ መግባት የነበረበት ነገር ነው። ዊቸር 3ን ወደ ዲ በሰላም አዞረች፣ አረጋገጠች፣ ከዛ ሲን ፎርማት አስደረገች። ጌሙ ዲ ላይ አለ፣ ሴቩ (ጨዋታው የደረሰበትን የሚይዘው ፋይል) ግን የለም። ምክንያቱም የዊቸር 3 ሴቭ የሚቀመጠው ዶኩመንትስ ውስጥ ነው፣ ዶኩመንትስ ደግሞ ካላዞራችሁት ሲ ላይ ነው። የስንት ሌሊት ልፋት ነው የሄደባት። አብዛኛው ጌም ሴቩን ከራሱ ጋር አያስቀምጥም፣ ወይ ዶኩመንትስ ውስጥ በስሙ፣ ወይ ዶኩመንትስ ውስጥ ማይ ጌምስ የሚል ፎልደር ውስጥ፣ ወይ ሴቭድ ጌምስ ውስጥ፣ ወይ አፕዳታ በሚባለው ተደብቆ ባለው ፎልደር ውስጥ ነው። የጂቲኤ 5 ዶኩመንትስ፣ ሮክስታር ጌምስ፣ ጂቲኤ ቪ፣ ከዛ ፕሮፋይልስ ውስጥ ነው። ጌሙን ብቻ ለማዞር ሴቩን መንካት አያስፈልግም፣ እዛው ሲ ላይ ሆኖ ጌሙ ያገኘዋል። ፎርማት ወይም ሌላ ኮምፒውተር ካለበት ግን ከጌሙ በፊት ሴቩን ነው ኮፒ የምታደርጉት።

13. ስቲም ክላውድ ያስቀምጠው የለ እንዴ አለ። አንዳንዱን አዎ፣ ሁሉንም አይደለም፣ በጌሙ ገጽ ላይ የክላውድ ምልክት ካለ ነው፣ ያውም ጌሙን ዘግታችሁ ከኢንተርኔት ጋር ተገናኝቶ ልኮ ከጨረሰ ነው። የኢንተርኔት መቆራረጥ ላለበት ሰው እሱን ብቻ መተማመን ጥሩ አይመስለኝም።

14. ከዱባይ። 2 ቴራ ኤክስተርናል ገዝቶ ጌሞቹን እየገለበጠ ነው፣ ለአንድ ጌም ሰዓት ሊሞላ ነው፣ ዲስኩ ተበላሽቶ ይሆን ወይ ይላል።

15. ዲስኩ ደህና ነው፣ የሰካህበትን ቀዳዳ እይ አሉት። ውስጡ ጥቁር ከሆነ ዩኤስቢ 2 ሊሆን ይችላል፣ እሱ ላይ በሰከንድ ከ30 እስከ 40 ሜጋባይት ነው የምታገኘው፣ 100 ጊጋ ወደ 50 ደቂቃ ማለት ነው፣ ሰማያዊው ብዙውን ጊዜ ዩኤስቢ 3 ነው። አንዳንድ ላፕቶፕ ላይ ቀለሙ አይለይም፣ አጠገቡ ያለችውን ምልክት ማየት ነው። እዛው ላይ ሌላ ጠቃሚ ነገር አለ፣ ኤክስተርናሉ ወይም ፍላሹ በፋት 32 ፎርማት የተደረገ ከሆነ ከ4 ጊጋ በላይ የሆነ አንድ ነጠላ ፋይል አይቀበልም፣ ዲስኩ ላይ የቱንም ያህል ባዶ ቦታ ቢኖር። የዛሬ ጌሞች ደግሞ እንዲህ ያለ ፋይል ሞልቷቸዋል። ጌም የምትጫወቱበት ዲስክ ኤንቲኤፍኤስ ይሁን። ፎርማት ማድረግ ያለውን ሁሉ እንደሚያጠፋ ግን አትርሱ።

16. ይሄ ደግሞ አንዳንድ ላውንቸር አልዛወርም ለሚላችሁ ነው። ጀንክሽን የሚባል ነገር አለ፣ ፎልደሩን ወደ ዲ ኮፒ ታደርጉና ሲ ላይ የነበረውን ስሙን ለውጣችሁ፣ ኮማንድ ፕሮምፕት ከፍታችሁ ኤምኬሊንክ፣ ስላሽ ጄ፣ ከዛ የድሮውን አድራሻ፣ ከዛ አዲሱን አድራሻ፣ ሁለቱንም በጥቅስ ውስጥ። ላውንቸሩ ጌሙ አሁንም ሲ ላይ ያለ ይመስለዋል፣ እውነተኛው ፋይል ግን ዲ ላይ ነው። ሁሉም ነገር ደህና ከሆነ ስሙን የለወጣችሁትን ማጥፋት ነው።

17. 16ኛውን ሳያዝን ነው የተቸው። ለጀማሪ ይሄን አትንገር፣ ስቲም ላይ የራሱ ሙቭ እያለ ጀንክሽን ምን ያደርጋል፣ ኤክስተርናሉን ዛሬ ሰክተህ ዲ ቢለው ነገ ፍላሽ ቀድሞ ገብቶ ኢ ቢለው ሊንኩ ባዶ ሜዳ ላይ ነው የሚጠቁመው ይላል። ነጥቡን እቀበለዋለሁ፣ መፍትሔ ግን አለው፣ ዲስክ ማኔጅመንት ገብታችሁ ለኤክስተርናሉ ከፊደሎቹ መጨረሻ አካባቢ፣ ለምሳሌ ዜድ ወይም ኤክስ፣ ሰጥታችሁ ብታስቀምጡት ያው ኮምፒውተር ላይ አይቀያየርም። ለስቲም ላይብረሪም ይሄ ይጠቅማል።

18. የቱ ጌም ወደ ሃርድ ዲስክ ይሂድ፣ የቱ ኤስኤስዲ ላይ ይቅር የሚለውን ያነሳችው ከአዳማ ናት፣ በጣም አስፈላጊ ጥያቄ ነው፣ ቦታ አለ ብሎ ሁሉንም መገልበጥ አይደለም። ባልደርስ ጌት 3 150 ጊጋ ይፈልጋል፣ ኤስኤስዲ ይሁን ብለው ራሳቸው ጽፈዋል፣ ስታርፊልድ 125 ጊጋ ሆኖ እንደዚሁ፣ ሳይበርፐንክ 2077ም መጀመሪያ ሃርድ ዲስክ ይበቃዋል ይል የነበረውን በ2023 ኤስኤስዲ ወደሚለው ቀይሮታል። እነዚህን ተራ ሃርድ ዲስክ ላይ ስታደርጓቸው መከፈት ይከፈታሉ፣ ግን መኪና እየነዳችሁ መንገዱ ቀድሟችሁ ሳይሳል ይቀራል፣ ሰው እያናገራችሁ ፊቱ እንደ ሰም ቀልጦ ቆይቶ ነው የሚጠራው። የድሮ ጌሞች፣ ፔስ 2013፣ ሳን አንድሪያስ፣ ትንንሾቹ፣ እነሱ ያለ ችግር ሃርድ ዲስክ ላይ ይሄዳሉ። የኔ ምክር ይሄ ነው፣ ሲን ለዊንዶውስና አሁን እየተጫወታችሁት ላለው አንድ ትልቅ ጌም ብቻ ተዉት፣ ስትጨርሱት ወደ ሃርድ ዲስኩ አውርዱት፣ ቀጣዩን አምጡ። ዲስክ ለዲስክ ስለሆነ ምንም ወጪ የለውም።

19. ከዚህ ጋር አያይዞ ሄልዳይቨርስ 2ን ያነሳ አለ፣ ይሄን ሳላውቀው ብቀር ይቆጨኝ ነበር። የፒሲው ጌም ወደ 154 ጊጋ ነበር፣ ኮንሶል ላይ ያለው ግን በጣም ያነሰ። ለምን ቢባል፣ የሃርድ ዲስክ መርፌ ወዲህ ወዲያ እየተመላለሰ እንዳይዘገይ አንዱን ፋይል ብዙ ቦታ ላይ ደጋግመው አስቀምጠውት ነው። በኋላ ለክተው ሲያዩት ሃርድ ዲስክ ላይ ያለው ልዩነት የፈሩትን ያህል ሆኖ አላገኙትም፣ በ2025 መጨረሻ ድግግሞሹን አውጥተው ወደ 23 ጊጋ አወረዱት። 130 ጊጋ! ያ ሁሉ ሰው ለዛ ሲል ዲስክ ገዝቷል፣ ዳታ ከፍሏል። ጌም ሠሪዎች መስመሩ ቀጭን የሆነበት አገር ያለውን ተጫዋች ቢያስቡት ምናለ ያልኩት ይሄን ሳነብ ነው።

20. እዚህ ጋ ወሬው ወደ ድሮ ዞረ። አንዱ ፕሌስቴሽን 2 ጊዜ 8 ሜጋባይት ሜሞሪ ካርድ በኪሱ ይዞ ከጌም ቤት ጌም ቤት ይዞር እንደነበር ጻፈ፣ ማስተር ሊጉ (የእግር ኳስ ጌሙ ሊግ) እዛች ላይ ነበር፣ ጌም ቤቱ ሲዘጋ ካርዷን ነቅሎ ወደ ቤት፣ በማግስቱ ሌላ ሰፈር ሄዶ ሰክቶ ካቆመበት ይቀጥላል። ከሱ በኋላ እየመጣ ሁሉም የራሱን አወራ፣ የተሰረቀበት፣ ከጓደኛው ተውሶ ያልመለሰ፣ ሊጉን አጥፍተውበት የተጣላ። ከርዕሱ ወጥቷል ግን አልከለከልኩም፣ ደስ የሚል ወሬ ነበር።

21. አንዱ ግን ተቆጣ፣ የሜሞሪ ካርድ ትዝታ ሌላ ቦታ አድርጉት፣ እኔ ከማይክሮሶፍት ስቶር ያወረድኩትን ጌም እንዴት ላዙር፣ ፎልደሩ እንኳ አልከፍትም ይለኛል አለ።

22. መለሱለት። ዊንዶውስአፕስ የሚባለው ፎልደር ሆን ተብሎ የተዘጋ ነው፣ በግድ ፈቃዱን ለውጦ ለመክፈት መታገል ስቶሩን ራሱን ያበላሻል፣ አትንኩት። ኤክስቦክስ አፕ ውስጥ ጌሙ ላይ ማኔጅ፣ ፋይልስ፣ ቼንጅ ድራይቭ። ወይም የዊንዶውሱ ሰቲንግ፣ አፕስ፣ ኢንስቶልድ አፕስ፣ ጌሙ ጎን ያሉትን ሦስት ነጥቦች ስትጫኑ ሙቭ ይመጣል። አጭርና ትክክለኛ መልስ።

23. ሮቦኮፒን ያመጣው ከጎንደር ነው፣ መብራት ለሚያስቸግረው ሰው ከዚህ የተሻለ አላየሁም። ዊንዶውስ ውስጥ ራሱ ያለ ነው፣ ኮማንድ ፕሮምፕት ላይ ሮቦኮፒ ብላችሁ፣ ከየት፣ ወደ የት፣ መጨረሻ ላይ ስላሽ ኢ። መሃል ላይ ቢቋረጥ ያንኑ ትእዛዝ ድጋሚ ስትሰጡት ያለቀውን እየዘለለ የቀረውን ብቻ ይቀጥላል።

24. ወዲያው ተከትሎ የመጣ ማስጠንቀቂያ ነው፣ በደማቁ ልጻፈው ቢቻል። ኢንተርኔት ላይ ሮቦኮፒ ስትፈልጉ ስላሽ ሚር የሚል ታገኛላችሁ፣ እሱ የምትገለብጡበትን ቦታ ከምንጩ ጋር አንድ ለማድረግ ምንጩ ላይ የሌለውን ሁሉ ያጠፋል። ሰውየው መድረሻውን የጌሙን ፎልደር ሳይሆን ዲ ድራይቭን እንዳለ ሰጠው፣ ዲ ላይ የነበረው የሠርግ ቪዲዮ ሳይቀር ጠፋ። ስላሽ ኢ ብቻ።

25. ከቴል አቪቭ አካባቢ የጻፈችው እህታችን ቤት ውስጥ ሁለት ኮምፒውተር አላት። ስቲም ከ2023 ጀምሮ በአንድ ዋይፋይ ወይም በአንድ ኬብል ላይ ካሉ ኮምፒውተሮች ጌሙን እርስ በርስ ይቀባበላል፣ ሰቲንግ ውስጥ ዳውንሎድስ ላይ ማብራት ነው፣ ከማን ጋር የሚለውንም ትመርጣላችሁ፣ ለራስ ብቻ ወይም ለጓደኞችም። ሁለቱም ስቲም ላይ ሎግኢን ማድረግ አለባቸው፣ የሚቀበለው ሰውም ጌሙ ሊኖረው ይገባል። ዶርም ውስጥ ላላችሁ ይሄ ትልቅ ነገር ነው፣ ዶታ 2 ነፃ ስለሆነ አንድ ልጅ ካወረደው ዶርሙ ሙሉ ከሱ ይወስዳል፣ ከኢንተርኔቱ የሚሄደው ሎግኢንና ጥቂት ነገር ብቻ ነው።

26. ያገለገለ ሃርድ ዲስክ ለምትገዙ። መገናኛ አካባቢ የሚሠራ ልጅ ነው፣ ጌም ከመገልበጣችሁ በፊት እዛው ሱቁ ላይ ክሪስታል ዲስክ ኢንፎ አስከፍታችሁ እዩት ይላል። ሰማያዊ ሆኖ ጉድ ካለ ደህና፣ ቢጫ ሆኖ ኮሽን ካለ ሻጩ ምንም ቢላችሁ አትግዙ፣ የበራበትን ሰዓትም እዛው ላይ ታዩታላችሁ። በቀስታ የሚገለብጥና እየቆመ ጥርስ እንደሚያፋጭ ድምፅ የሚያሰማ ዲስክ ላይ ሴቫችሁን አታስቀምጡ።

27. የመጨረሻው እስካሁን ስለ ሞድ (ጌሙ ላይ ስለሚጫን ማሻሻያ) ነው። ስካይሪም ላይ ሞድ የጫነ ልጅ ጌሙን በስቲም ሙቭ አዞረው፣ ጌሙ ይከፈታል፣ ሞዶቹ ግን የሉም። ቮርቴክስ የሚባለውን የሞድ መጫኛ ፕሮግራም ነው የሚጠቀመው፣ ቮርቴክስ ደግሞ በተለመደው አሠራሩ ሞዶቹ የሚቀመጡበት ፎልደርና ጌሙ አንድ ድራይቭ ላይ እንዲሆኑ ይፈልጋል። ከማዞራችሁ በፊት ቮርቴክስ ላይ ፐርጅ (ሞዶቹን ከጌሙ አውጣ) በሉት፣ ጌሙን አዙሩ፣ አዲሱን ቦታ አሳዩት፣ የሞድ ፎልደሩን ወደዛው ድራይቭ ቀይሩ፣ ከዛ ዲፕሎይ (ሞዶቹን ጌሙ ላይ መልስ)። ልጁ አዙሮ ከጨረሰ በኋላ ስለሆነ የጠየቀው ዲፕሎዩን ድጋሚ እንዲሞክር ነግሬዋለሁ፣ ሞድ ኦርጋናይዘር የሚባለውን ሌላ የሞድ ፕሮግራም የምትጠቀሙ ካላችሁ የናንተን 28 ላይ ጻፉለት።